ወይዘሮ ጓንት

ተረብ አልችልም። ትሕትና አይደለም፤ የሚያውቀኝ ሁሉ የሚመሰክረው ነገር ነው። ሰው ከጣሪያ በላይ ሲስቅ እኔ ገና ነገሩን እያጣራሁ እገኛለሁ። መልስ የሚመጣልኝ ደግሞ በማግስቱ፣ ፊቴን ስታጠብ ነው። ደብረ ማርቆስ ውስጥ በአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ከተቀመጥኩ አሥራ አራት ዓመት ሆኖኛል። ገቢ ደብዳቤ፣ ወጪ ደብዳቤ፣ የጠፋ ፋይል። እዚያ ተቀምጦ ፈጣን ምላስ ያበቀለ ሰው እስካሁን አላየሁም።

እግዜር ሲያመጣው ያገባሁት ደግሞ ተረበኛ ቤተሰብ ነው። የባሌ አገር አማኑኤል አካባቢ ነው፤ ከመኪናው መንገድ ወርዶ ግማሽ ሰዓት ያህል በእግር ያስኬዳል። ታላቅ ወንድሙ እዚያው በአባታቸው ግቢ ቤት ሠርቶ ያርሳል። በዕድሜ በብዙ ይበልጠኛል፤ ቢሆንም የባል ወንድምና የወንድም ሚስት ዋርሳ ናቸውና አንተና አንቺ ነን። ዋርሳ እንዲሁ ዘመድ ብቻ አይደለም፤ የመተራረብ ፈቃድ ያለው ዘመድ ነው። ሌላ ሰው ቢናገረው የሚያጣላ ነገር ዋርሳ ሲናገረው ይሳቅበታል። እንዲያውም ዋርሳዋ የማይተርባት ሴት ምን አድርጋ ይሆን ተብላ ትታማለች።

በተጋባን ዓመት ለኅዳር ሚካኤል ዝክር ሄድን። የከተማ ልጅ ሥራ አትነካም እንዳልባል በዋዜማው ከሴቶቹ ጋር ኩበት ልለቅም ወጣሁ። ከመውጣቴ በፊት ግን ከቦርሳዬ ነጭ የላስቲክ ጓንት አውጥቼ አጠለቅሁ። ለምን እንደያዝኩት አትጠይቁኝ፤ ለሁሉም ነገር ተዘጋጅቼ የምሄድ ሰው ነኝ። ዋርሳዬ ከአውድማው ላይ አየኝ። መንሹን መሬት ላይ ተከለና፣

«ኧረ ሐኪም መጣች! የትኛዋ ላም ናት ምጥ የያዛት?» ብሎ ጮኸ።

አውድማው ሥራ ፈታ። በሬዎቹ ሳይቀሩ የቆሙ መሰለኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ለአሥራ አንድ ዓመት በዚያ ግቢ ስሜ ወይዘሮ ጓንት ነው። ሠርግ ላይ፣ ክርስትና ላይ፣ ማኅበር ላይ፣ ይኸው የጓንቱ ታሪክ ይነሣል፤ በየዓመቱም ትንሽ ትንሽ ይጨመርበታል። ዛሬ ዛሬማ በታሪኩ ውስጥ ነጭ ጋዋንም ለብሼ ነበር።

እኔ አንድም ቀን መልሼለት አላውቅም። እስቅና ዝም እላለሁ። ለሰው ባልናገረውም ነገሩ ይቆጨኝ ነበር። አንዴ፣ አንዲት ጊዜ ብቻ፣ ያ ቤት በእኔ ቃል ሲስቅ ባየሁ ብዬ እመኝ ነበር።

ዐምና በመሥሪያ ቤታችን ሁሉም ሰው ያንን ሰው ሠራሽ አስተውሎት የሚሉትን ነገር ስልኩ ላይ ጫነ። አጠገቤ የምትቀመጠው ባልደረባዬ ደብዳቤ ታስረቅቀዋለች፣ ስለ ቆዳዋ ታማክረዋለች፣ ሕልሟን ሳይቀር ታስፈታዋለች። የእኔንም ስልክ ተቀብላ ጫነችልኝና፣ «የፈለግሽውን ጠይቂው» አለችኝ። እኔ የምፈልገው አንድ ነገር ነበር። ኅዳር ሚካኤል ደግሞ ሳምንት ቀርቶታል።

እንደ መዝገብ ቤት ሰው ነገሩን በዝርዝር አቀረብኩለት። የባሌ ወንድም ነው፣ ገበሬ ነው፣ ቁመቱ ረጅም ነው፣ ጠላ ይወዳል። ቤቱን ቆርቆሮ ካለበሰ ዓመታት ቢያልፉም አንደኛው ግድግዳ እስካሁን ጭቃ አልተመረገም። በልጅነቱ የቤተ ክህነት ትምህርት ገብቶ፣ ቅኔ ቤት ሳለ ጥሎ ተመልሷል። ይህን የመጨረሻውን የጻፍኩት ራሱ ስለሚቀልድበት ነው። «እኔ ሳልበስል የወጣሁ ዳቦ ነኝ» ይላል ጠላ ሲቀምስ። ተረብ ስጠኝ አልኩት፣ በሰው ፊት የምናገረው።

አሥር ሰጠኝ፣ በቁጥር የተደረደረ። ዘጠኙ የሚያስለቅሱ ናቸው። ቁመቱ ለአየር ትንበያ ይጠቅማል የሚል አለበት። አሥረኛውን ሳነብ ግን ብቻዬን ሳቄ አመለጠኝ። በመስታወት ፊት ቆሜ አጠናሁት። የት ላይ መተንፈስ እንዳለብኝ፣ የት ላይ ወደ እሱ መዞር እንዳለብኝ፣ ሁሉንም አጠናሁ። ባሌ በር አንኳኩቶ «ከማን ጋር ነው የምታወሪው?» አለኝ።

የዝክሩ ዕለት ቤቱ ሞልቷል። ካህናቱ ከላይ ተቀምጠዋል፤ ከእነሱ አንዱ ከዋርሳዬ ጋር ቅኔ ቤት የነበረ፣ ዛሬ መሪጌታ የሆነ ሰው ነው። ጸሎቱ አልቆ፣ ዳቦው ተቆርሶ፣ ጠላው ሁለተኛውን ዙር ጀመረ። ዋርሳዬ እንደ ልማዱ፣ «ወይዘሮ ጓንት፣ ዘንድሮ ስንት ላም አዋለድሽ?» አለኝ።

ተነሥቼ ቆምኩ። እኔ ቆሜ ስናገር ታይቶ ስለማይታወቅ ቤቱ ጸጥ አለ።

«የኔ ዋርሳ» አልኩ፣ «ትምህርቱን ግማሽ ላይ ተወው። ግድግዳውን ግማሽ ላይ ተወው። ጀምሮ ሲጨርስ ያየነው ጠላውን ብቻ ነው!»

ቤቱ ተናወጠ። ሴቶቹ እልል አሉልኝ። መሪጌታው ዐይኑን በነጠላው ጫፍ እስኪጠርግ ድረስ ሳቀ። እኔ ሙቀት ከእግሬ እስከ ራሴ ወጣብኝ፤ እውነቱን ለመናገር በሕይወቴ እንደዚያ ደስ ብሎኝ አያውቅም። ዋርሳዬም ሳቀ። ቀና ብሎ መሪጌታውን አየ፣ ከዚያ «እውነቷን ነው» አለና የጠላውን ጆግ አንሥቶ ለእንግዶቹ መቅዳት ጀመረ። ለሁሉም ቀዳ። ለራሱ አልቀዳም።

ወደ ማርቆስ ስንመለስ ሚኒባሱ ውስጥ ባሌ በመስኮት ወደ ውጭ ብቻ ያያል። እኔ አፌ አላርፍ ብሎኛል፤ «አየሃት አክስትህን ስትስቅ? መሪጌታውንስ?» እላለሁ። ብዙ ከሄድን በኋላ፣

«ለምን እንደተወው ታውቂያለሽ?» አለኝ።

«ምኑን?»

«ትምህርቱን።»

አላውቅም ነበር። በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ ጠይቄም አላውቅም።

«አባባ ታመመ» አለ ባሌ። «የሚያርስ ሰው ጠፋ። ከሁለታችን አንዳችን መመለስ ነበረብን። እኔ ሰባተኛ ክፍል ነበርኩ። እሱ፣ ‹አንተ ቀጥል› አለኝ።»

ምን ያህል እንዳፈርኩ መጻፍ ያቅተኛል። ያገባሁት የተማረ ሰው የተገኘው እኔ ቆሜ ሰው ካሳቅሁበት ከዚያ ግማሽ ትምህርት ነው። የደመወዝ ሰው ሚስት ሆኜ ማርቆስ የተቀመጥኩት ያ ልጅ ከቅኔ ቤት ወደ ሞፈር ስለተመለሰ ነው። ራሱ ሲቀልድበት ቁስሉን በእጁ እየሸፈነ ነበር፤ እኔ እጁን አንሥቼ ለሰው አሳየሁት። በዚያ ላይ አብሮት ለተማረው ሰው።

ከዚያ ወዲህ ዕረፍት አጣሁ። ቢቆጣኝ በተሻለኝ። ቢሰድበኝ እሰየው። እሱ ግን ያመጣብኝ ሌላ ነገር ነው፤ አከበረኝ። በታኅሣሥ ለዐይኑ ሕክምና ማርቆስ መጥቶ እኛ ቤት ሲያድር፣ ገና በሩ ላይ ባርኔጣውን አውልቆ፣ «እንደምን ሰነበቱ? ደኅና ነዎት?» አለኝ። ቀልድ መስሎኝ ጠበቅሁ። ቀልድ አልነበረም። ወጥ ስጨምርለት «ይበቃል፣ እግዜር ይስጥልኝ» ይላል። ስገባ ከመቀመጫው ብድግ ይላል። እንደ ወረዳ ሹም ተነሣልኝ። ጠዋት ሲሄድ ግቢውን አቋርጦ እስኪወጣ በመስኮት አየሁት፤ ዞሮ አንዲት ነገር ይናገራል ብዬ። ዞሮ እጅ ነሣኝ።

በየካቲት ደግሞ ለገበያ መጣ፤ ያው ነው። ባሌን «አናግረው» ብለው፣ «ምን ብዬ? ለምን ታከብራታለህ ብዬ?» አለኝ። እውነቱን ነው። በአክብሮት ሰው አይከሰስም።

ስልኬን ማስቸገር ያዝኩ። ይቅርታ እንዴት እንደምለው ጠየቅሁት። ወዲያው ጻፈልኝ፤ «በንግግሬ ለተፈጠረብዎ የስሜት ጉዳት ከልብ የመነጨ ይቅርታዬን አቀርባለሁ» የሚል። አነበብኩት። እንዲህ ያለ ደብዳቤ በየቀኑ ቁጥር ሰጥቼ አስገባለሁ፤ ለተፈጠረው መጉላላት ይቅርታ የጠየቀ መሥሪያ ቤት ሁሉ በማግስቱ ያው ነው። ተወው፣ እንደገና የሚያስቀው ነገር ስጠኝ አልኩት። አሥር ሰጠኝ። አነበብኳቸው፣ ሁሉም አንድ ዓይነት አካሄድ አላቸው፤ ሁለት ነገር ደርድሮ ሦስተኛው ላይ መገልበጥ። ደግሜ ሳያቸው ያ የሳቅሁበት አሥረኛውም እንደዚያው ነበር። በአንዳቸውም ውስጥ ሰው የለም። ዋርሳዬን አውጥተው የሉማሜ ከተማ ሻይ ቤት አሳላፊን ቢያስገቡበት ይሆናል።

አንድ ቀን በሥራ ሰዓት ተናድጄ፣ «ያን ቀልድ ለምን ሰጠኸኝ? እንደሚጎዳው አታውቅም ነበር?» ብዬ ጻፍኩ። «ይቅርታ ይደረግልኝ፣ ትክክል ነዎት፤ ጉዳዩ ስሜት የሚነካ ሊሆን እንደሚችል መገመት ነበረብኝ። ለስለስ ያለ አማራጭ ላቅርብልዎት?» አለኝ። ስልኩም እርስዎ ይለኛል፣ ዋርሳዬም እርስዎ ይለኛል። «አልፈልግም!» ብዬ ጮኼ ኖሮ ባልደረባዬ ከወንበሯ ብድግ አለች። «ምነው፣ ሰው ሞተብሽ?» አለችኝ።

ስልኩን ምን ብዬ እወቅሰዋለሁ? የነገርኩትን ነው የሠራው። ያልነገርኩትን አያውቅም፤ እኔም ራሴ አላውቅም ነበር። ደግሞ ማወቅ ብቻ ቢሆን ችግሩ ቀላል ነበር። ይህ የገባኝ በኋላ ነው፣ ፋይል ስፈልግ።

በመዝገብ ቤት አንድ ደንብ አለን። ወጪ ደብዳቤ ያለ ምክንያት አይወጣም፤ ፋይሉ የጠፋ እንደሆነ ከወጪው በፊት የገባውን ደብዳቤ ፈልግ ይባላል። መጋቢት ውስጥ አንድ የጠፋ ፋይል በዚህ መንገድ እያሳደድኩ ሳለ፣ በመሐል የዋርሳዬ የጓንት ታሪክ በሐሳቤ መጣ። መቼ መቼ ነበር የሚያወራው? የአጎታቸው ልጅ ክርስትና ላይ አውርቶታል። ከዚያ በፊት ምን ተብሎ ነበር? የባሌ አክስት ሕፃኑን ጭኔ ላይ አስቀምጣ፣ «እስቲ ልመጂው» ብላኝ ነበር። የዛሬ ሦስት ዓመት ሚካኤል ላይ አውርቶታል። ከዚያ በፊት አንዲት ጎረቤት ልጅ የሚያሰጥ ጠበል አውቃለሁ ብላ ጀምራ ነበር። አንድ ሠርግ ላይም እንዲሁ። አንድ በአንድ ወደ ኋላ ሄድኩ።

ባሌና እኔ ልጅ የለንም። አልሆነልንም፤ ስለዚህ ጉዳይ ከዚህ በላይ አልጽፍም። በዚያ ቤት የሚጠየቀው ግን እንዲህ ነው፤ አክስትየዋ ጉንጬን ትስመኝና «ዘንድሮም ሁለት ሆናችሁ መጣችሁ?» ትላለች። ክፋት የላትም፣ ጥያቄው ግን አጥንት ይሰብራል። ይህ ጥያቄ በተነሣ ቁጥር ከሆነ ማዕዘን «ወይዘሮ ጓንት!» የሚል ድምፅ ይመጣል፣ ቤቱ ወደ ላሟና ወደ ጓንቱ ይዞራል፣ ጥያቄው ሳይመለስ ይቀራል። ለአሥራ አንድ ዓመት እንደዚያ ነበር። እኔ የሚያሾፍብኝ ይመስለኝ ነበር። ሰው ሁሉ ስለ ጓንቴ ስቆ ስለ ማሕፀኔ እንዲረሳ ሲያደርግ እንደኖረ አንድም ቀን አልጠረጠርኩም። በዚያ ሁሉ ዘመን ተረቡ ለልጅ ጉዳይ ቀርቦ አያውቅም፤ በዙሪያው እንኳ አላለፈም።

ወንበሬ ላይ መቀመጥ አቃተኝ። ወጥቼ በግቢው ዞርኩ፣ ተመለስኩ፣ ደግሞ ወጣሁ። ፋይሉ የት እንደተገኘ ትዝ አይለኝም።

ለዳግማይ ትንሣኤ ወደ አማኑኤል ስንሄድ ከመድኃኒት ቤት አንድ ጥንድ ነጭ ጓንት ገዝቼ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩ። በሕይወቴ ያሰብኩት ብቸኛ የራሴ ቀልድ ነው። ግቢው በር ላይ አጥልቄው እገባለሁ፣ እሱ ያየኛል፣ ነገሩ ያልቃል። በሩ ጋ ስንደርስ ዋርሳዬ ከቤቱ ፊት ቆሞ ነበር። ከኋላው ያለውን ሳይ እጄ ከቦርሳዬ ወጣ። ያ ግድግዳ ተመርጓል። ጭቃው ከታች በኩል ገና እርጥብ ነው።

«እንኳን አደረሰዎ» አለኝ። «እንኳን አብሮ አደረሰህ» አልኩ፣ ጓንቱም ቦርሳዬ ውስጥ ቀረ። ሲበላም አሰብኩ፣ ሲጠጣም አሰብኩ፤ አሁን ስል ሌላ ሰው ይናገራል፣ ቆይ ስል ጊዜው ያልፋል። ለምን እንደማላስቅ ያን ቀን በደንብ ገባኝ። 

ከዚያ አክስትየዋ መጣች። ጉንጬን ሳመችኝ፣ አጠገቤ ተቀመጠች፣ እጄን ያዘች።

«ዘንድሮም ሁለት ሆናችሁ መጣችሁ?»

ቤቱ ጸጥ አለ። ሁሉም እንደ ልማዱ ያን ድምፅ ጠበቀ። እኔም ጠበቅሁ። ዋርሳዬ ጠላውን ይመለከታል። ባሌ ጫማውን ይመለከታል። አክስትየዋም ጸጥታው ሲረዝምባት የባሰውን ጨመረች፤ «እድሜ እኮ አይቆምም፣ ልጄ» አለች። ዐይኔ ሞላ። በሰው ፊት ላለቅስ ነው። አንገቴን ደፍቼ፣ ሶፍት ፍለጋ ቦርሳዬን በጭፍን ዳበስኩና ያገኘሁትን አውጥቼ ዐይኔን ጠረግሁ።

ጓንቱ ነበር። አምስቱ ጣቶች ፊቴ ላይ ተንጠልጥለዋል።

ማንም አልሳቀም። ምን እንደሆነ ለመረዳት ጊዜ ፈጀባቸው። ቀና ስል ከዋርሳዬ ጋር ዐይን ለዐይን ተገጣጠምን። አየኝ። ጓንቱን አየ። ፊቱ ላይ አንድ ነገር ተላወሰ፣ ሊይዘው ሞከረ፣ አልቻለም።

«አንቺ ሴትዮ» አለ፣ «ላሟ እኮ ከወለደች ቆየች! አሁን የምታለቅሽው ጥጃው አንቺን አይመስልም ብለሽ ነው?»

ቤቱ ፈረሰ። አክስትየዋ ራሷ እጄን ለቃ ጉልበቷን መታች። እኔ እየሳቅሁ አለቀስኩ፣ የትኛው የትኛው እንደሆነ ማንም አልለየውም። ጥያቄው እንደ ድሮው ሳይመለስ ቀረ።

በኋላ እግሬን ላፍታታ ብዬ ስወጣ ከአዲሱ ግድግዳ ሥር አገኘሁት። አጠገቡ ቆምኩ። መዳፉን ጭቃው ላይ አድርጎ መድረቅ አለመድረቁን ያያል።

«ከቆጠርሽብኝ ሦስት ነገር ሁለቱን ጨርሻለሁ» አለ። «ሦስተኛው ዘገየ መሰለኝ።»

«ይቅር በለኝ» አልኩት። ያንን ሁሉ ወራት የፈለግሁት ቃል ሁለት ብቻ ሆኖ ወጣ። ቀጥዬም፣ «የኔ አይደለም ያ ቀልድ» አልኩት። «ስልኬ ነው የሰጠኝ። ስለ አንተ ነግሬው፣ እሱ ሠርቶ ሰጠኝ።»

ይቆጣል ብዬ ነበር። ዞሮ በመደነቅ አየኝ።

«እኔስ ብዬ ነበር፣ እሷ ከየት አመጣችው እያልኩ ስብሰለሰል ከረምኩ» አለ። ቀጥሎም፣ «ስለ ጓንቱስ ነግረሽዋል?» አለኝ።

«አልነገርኩትም።»

መዳፉን ከግድግዳው አንሥቶ ሱሪው ላይ ጠረገ።

«እሱን አትንገሪው» አለኝ።

እስካሁን አልነገርኩትም።